ጣሊያን አንድ አገር ከመሆኗ በፊት የጣሊያንኛ ሥነ ጽሑፍ እንዴት ሊኖር ቻለ?

ጥያቄ፦ መምህር ዘሐዋሳ

ለመድረኩ ተሳታፊዎች የከበረ ሰላምታዬን አቀርባለሁ። በሐዋሳ ከተማ በአንድ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አማርኛ አስተምራለሁ። ከሥራ ባልደረቦቼና ከቀድሞ ተማሪዎቼ ጋር ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ በሐይቁ ዳር እየተሰበሰብን መጻሕፍት የምናነብበት አነስተኛ ማኅበርም አለን። እስካሁን የሩሲያንና የፈረንሳይን ታላላቅ ድርሰቶች በትርጉም ስናነብ ቆይተን አሁን ተራው የጣሊያን እንዲሆን ተስማምተናል፤ የመግቢያውን ገለጻ የማዘጋጀቱ ኃላፊነትም ለእኔ ተሰጥቶኛል።

ለዝግጅቱ ሳነብ አንድ ነገር ከነከነኝ። የጣሊያን መንግሥት የታወጀው በ1861 ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ)። ዳንቴ አሊጊዬሪ ግን ያረፈው በ1321 ነው። በመካከሉ ከአምስት መቶ ዓመት በላይ አለ። በዚያ ሁሉ ዘመን የባሕረ ገብ ምድሩ ሕዝብ ለልዩ ልዩ ነገሥታት፣ ለመሳፍንትና ለከተማ መንግሥታት ተከፋፍሎ፣ ከፊሉም በባዕድ ሥር ሆኖ ሲኖር፣ የቬኒስ ነጋዴና የሲሲሊ ገበሬ እያንዳንዳቸው በአገራቸው አፍ ቢናገሩ መግባባት ይቸግራቸው ነበር። የተማረው ሰው ደግሞ በላቲን ይጽፍ ነበር። ታዲያ አገርም የጋራ መነጋገሪያም በሌለበት «የጣሊያን ሥነ ጽሑፍ» የሚባለው ከየት መጣ?

ጥያቄው ለእኛ ባዕድ አይደለም። በክፍሌ ከተቀመጡት ተማሪዎች አንዱ በቤቱ ሲዳሙ አፎ፣ ሌላው ወላይትኛ፣ ሌላው አማርኛ ይናገራል። ግእዝ የጽሕፈት፣ አማርኛ የአፍ ቋንቋ ሆነው ለዘመናት የኖሩበትንም ታሪክ በየዓመቱ አስተምራለሁ። ስለዚህ የደራስያንን ስም ዝርዝር ከምትሰጡኝ ይልቅ ነገሩ እንዴት እንደተከናወነ ብታስረዱኝ እመርጣለሁ።

መልስ 1፦ ነባር አንባቢ

መምህር፣ ጥያቄዎ የዚህን ሥነ ጽሑፍ ታሪክ እምብርት ይነካል። የጣሊያንን የጽሕፈት ቋንቋ ያበጀው መንግሥት አይደለም። ገጣሚዎች አበጁት፣ ቁም ጸሐፊዎችና አታሚዎች አሠራጩት፣ መንግሥት የደረሰው ከሁሉም በኋላ ነው።

አጀማመሩ ፍሎረንስ አልነበረም። በ1225 ገደማ የአሲዚው ፍራንቸስኮ በኡምብሪያ ሕዝብ አፍ ፀሐይን ወንድሜ፣ ጨረቃን እኅቴ፣ በመጨረሻም ሞትን እኅቴ እያለ ፈጣሪን የሚያመሰግንበትን ውዳሴ ደረሰ። በዚያው ዘመን በሲሲሊ በንጉሠ ነገሥት ፍሬዴሪክ ሁለተኛ ቤተ መንግሥት የሚያገለግሉ ሹማምንትና የሕግ ጸሐፊዎች በደሴቲቱ አፍ የፍቅር ግጥም መጻፍ ጀመሩ። አሥራ አራት ስንኝ ያለውን፣ በኋላ መላውን አውሮፓ ያዳረሰውን ሶኔት የተባለ ግጥም አበጀ የሚባለው ጃኮሞ ዳ ሌንቲኒ ከእነዚሁ የቤተ መንግሥት ጸሐፊዎች አንዱ ነበር። የሲሲሊዎቹ ግጥሞች ወደ ሰሜን ሲሻገሩ ፍሎረንስ የምትገኝበት የቶስካና ግዛት ቁም ጸሐፊዎች በራሳቸው አፍ እየለወጡ ቀዷቸው፤ ዛሬ እጃችን ላይ የሚገኙት በአብዛኛው እንዲህ ተለውጠው ነው። ከዚያ ቦሎኛ ላይ ጉዊዶ ጉዊኒዜሊ፣ ፍሎረንስ ላይ ጉዊዶ ካቫልካንቲ ፍቅርን እንደ ፍልስፍና የሚመረምር ረቂቅ ግጥም አመጡ። ወጣቱ ዳንቴ የተማረው ከእነዚህ ነው።

ዳንቴ በ1265 በፍሎረንስ ተወልዶ በከተማዋ አስተዳደር ከፍ ያለ ሹመት ከደረሰ በኋላ፣ ተቃራኒው ወገን ሥልጣን ሲይዝ በ1302 በስደት እንዲኖር፣ ቢያዝም በእሳት እንዲቃጠል ተፈረደበት። ዳግመኛ አገሩን ሳያይ በራቬና ሞተ። በስደቱ መጀመሪያ ዓመታት የሕዝብን አፍ የሚያወድስ ድርሳን ጻፈ፤ የጻፈው ግን በላቲን ነው፤ ሊያሳምናቸው የፈለገው ሊቃውንቱን ነበርና። በዚያ ድርሳን አገሩን ከዳር እስከ ዳር እየቃኘ ቢያንስ አሥራ አራት ዘዬዎችን ይቆጥራል፣ አንድ በአንድ ይመረምራል፣ የራሱን የቶስካናን ጨምሮ ሁሉንም ይነቅፋል። የሚፈልገው በየከተማው መልካም መዓዛው የሚሸት፣ በአንዱም ከተማ ግን የማይገኝ የከበረ ቋንቋ ነው። መጽሐፉን ሳይጨርሰው ተወው፤ ያን ቋንቋ በጽንሰ ሐሳብ ከማስረዳት ይልቅ «መለኮታዊ ኮሜዲያ» በተባለው ድርሰቱ በተግባር ሠራው።

ስለ ድርሰቱ አሠራር ትንሽ ልበል፤ ለአማርኛ መምህር ደስ የሚል ነገር አለውና። ሲኦል፣ መንጽሒ (ነፍሳት ከኃጢአት የሚነጹበት ተራራ) እና ገነት በተባሉ ሦስት ክፍሎች፣ በመቶ መዝሙሮች፣ 14,233 ስንኞች ይዟል። እያንዳንዱ አንጓ ሦስት ስንኝ አለው። አንደኛውና ሦስተኛው ቤት ይመታሉ፤ የመካከለኛው ስንኝ ቤት መምቻ ደግሞ ለቀጣዩ አንጓ አንደኛና ሦስተኛ ስንኝ ይሆናል። ስለዚህ አንጓዎቹ እርስ በርስ ተያይዘው ስለሚሄዱ፣ ቁም ጸሐፊ አንድ አንጓ ቢጨምር ወይም ቢያስቀር ሰንሰለቱ መቆረጡ ወዲያው ይታወቃል። በዚህ ጥብቅ ሥርዓት ውስጥ የሰፈር ስድብና የመላእክት ዝማሬ፣ የወደብ ሠራተኞች ቅጥራን ሲያፈሉ የሚታይበት ሥዕልና የአርስጣጣሊስ ፍልስፍና አብረው ገብተዋል። የቦሎኛው መምህር ጆቫኒ ዴል ቪርጂሊዮ እንዲህ ያለ ታላቅ ነገር ለተራ ሰው አፍ መሰጠቱ አሳዝኖት በላቲን እንዲጽፍ ዳንቴን ለመነው፤ ዳንቴም በላቲን ግጥም በትሕትና መለሰለት እንጂ ኮሜዲያውን አልለወጠም። በገነት ክፍል ቅድመ አያቱ ካቻጉዊዳ የሰው እንጀራ ምን ያህል ጨው ጨው እንደሚል፣ የሰው ደረጃ መውጣትና መውረድም ምን ያህል አድካሚ እንደሆነ ገና ትቀምሰዋለህ እያለ ስደቱን ሲተነብይለት ለሚያነብ ሰው፣ ይህ በላቲን ቢባል ኖሮ እንዲህ ልብ ይነካ ነበር ለማለት ይቸግራል።

ፍራንቸስኮ ፔትራርካ (ከ1304 እስከ 1374) ሌላ ዓይነት ሰው ነው። በ1341 በሮም የገጣሚነት አክሊል የተቀዳጀው በላቲን ሥራው ነው፤ ዝናዬን ያቆይልኛል ብሎ ተስፋ ያደረገውም «አፍሪካ» በተባለው የላቲን የጀግንነት ግጥሙ ላይ ነበር። ዛሬ የሚታወሰው ግን ላውራ ለተባለች ሴት በሕዝብ አፍ በጻፋቸውና ዕድሜ ልኩን ሲያርማቸው በኖረው 366 ግጥሞች ነው። የረቂቆቹ ወረቀቶች በቫቲካን ተጠብቀው ይገኛሉ። ግጥሙ በጣሊያንኛ ሆኖ በኅዳጉ ላይ ግን ገጣሚው ይህን ለውጥ፣ ይህ ደስ ይለኛል፣ ይህን በዚህ ቀን በዚህ ሰዓት ጻፍሁ እያለ ለራሱ የሚያሰፍረው ማስታወሻ በላቲን ነው። የሁለቱን ቋንቋዎች አብሮ መኖር ከዚህ አብልጦ የሚያሳይ ነገር አላየሁም።

ሦስተኛው ጆቫኒ ቦካቾ ነው። በ1348 ወረርሽኙ ፍሎረንስን ሲያጠፋት ከከተማ የወጡ ሰባት ሴቶችና ሦስት ወንዶች በአሥር ቀን መቶ ታሪክ የሚነጋገሩበት «ዴካሜሮን» የዝርው መሠረት ሆነ። እርሱ ራሱ ዳንቴን በእጁ እየገለበጠ ያሠራጨ፣ በ1373ም በፍሎረንስ በቤተ ክርስቲያን ውስጥ ኮሜዲያውን ለሕዝብ ያብራራ ሰው ነው።

መልስ 2፦ የታቦር ጎረቤት

ነባር አንባቢ የጻፉትን በአክብሮት አንብቤአለሁ፤ በእውነታው ረገድ የምቃወመው የለም። ነገር ግን በዚያ አቀራረብ ሦስቱ ፍሎረንሳውያን ከጻፉ በኋላ ነገሩ በራሱ ጊዜ የተፈጸመ ይመስላል፤ መምህር የጠየቁት ዋናው ጉዳይ ደግሞ ያለው ከዚያ ወዲህ ነው ብዬ አምናለሁ።

ፍሎረንስ በጦር ጣሊያንን አልያዘችም። የእርሷ አፍ ሞዴል የሆነው በምርጫ ሲሆን፣ ምርጫውን አጽንቶ ያስቀመጠው ደግሞ ፍሎረንሳዊ ሳይሆን የቬኒሱ ፒየትሮ ቤምቦ ነው። ቬኒስ የመጻሕፍት ኅትመት ማዕከል ነበረች። ቤምቦ ከአታሚው አልዶ ማኑዚዮ ጋር ሆኖ በ1501 ፔትራርካን፣ በ1502 ዳንቴን በእጅ ለመያዝ በሚመች መጠን አሳተመ። ከዚያም በ1525 ባወጣው ድርሳን ግጥም የሚጽፍ ሰው ፔትራርካን፣ ዝርው የሚጽፍ ቦካቾን እንዲከተል ደነገገ። ዳንቴን ቃላቱ አልፎ አልፎ ሻካራና ዝቅ ያሉ ናቸው በሚል ከአርአያነት አሳነሰው። እዚህ ላይ ቆም ብሎ ማሰብ ያስፈልጋል፤ በዘመኑ በፍሎረንስ ገበያ የሚነገረው አፍ ሳይሆን ሁለት መቶ ዓመት ያለፈው የመጻሕፍት ቋንቋ ነው ሕግ የሆነው። ሎዶቪኮ አሪዮስቶ በ1516 ያሳተመውን «ኦርላንዶ ፉሪዮሶ» የተባለ ረጅም የባላባቶች ጀብዱ ግጥም በ1532 ለመጨረሻ ጊዜ ሲያወጣ ቋንቋውን በቤምቦ ሥርዓት አስተካክሎታል። በ1583 በፍሎረንስ የተመሠረተው የቋንቋ ሊቃውንት ማኅበር፣ የክሩስካ አካዳሚም፣ በ1612 መዝገበ ቃላቱን ሲያወጣ ያንኑ መንገድ አጸና።

ውጤቱ ሁለት ገጽ አለው። በአንድ በኩል ከአልፕስ ተራራ ሥር እስከ ሲሲሊ ያለ የተማረ ሰው በአንድ ቋንቋ መጻፍና መነበብ ቻለ፤ አገር ሳይኖር የአገር ሥነ ጽሑፍ የተገኘው በዚህ ነው። በሌላ በኩል ያ ቋንቋ የማንም እናት ለልጇ የምታወራበት አልነበረም፤ በጊዜ ብዛትም ደረቀ። ለመድረክ የሚሆን ሕያው አነጋገር የፈለገው ካርሎ ጎልዶኒ በአሥራ ስምንተኛው ክፍለ ዘመን ምርጥ ተውኔቶቹን በቬኒስ አፍ መጻፉ ያለ ምክንያት አይደለም።

አሌሳንድሮ ማንዞኒ ችግሩን ከሁሉ ይልቅ በራሱ ላይ ያየ ሰው ነው። ሚላናዊ ስለነበር በቤቱ የሚላን አፍ፣ ከወዳጆቹ ጋር ፈረንሳይኛ ይናገር ነበር። ሁለት የሐር ሠራተኞች፣ ሬንዞና ሉቺያ፣ በ1628 ሊጋቡ ሲሉ አንድ ባለጉልበት መኰንን ቄሱን አስፈራርቶ ጋብቻቸውን የሚያስቀርበትን ልብ ወለዱን «እጮኞቹ» በ1827 አሳተመ። መጽሐፉ ወዲያው ተወደደ። እርሱ ግን አልረካም፤ ወደ ፍሎረንስ ሄዶ የተማሩ ሰዎች እንዴት እንደሚናገሩ አዳመጠ፣ ከዚያም መላውን መጽሐፍ ቃል በቃል አርሞ ከ1840 እስከ 1842 እንደገና አወጣው። የተወደደ መጽሐፉን ሰው ሁሉ እንዲገባው ብሎ ከሥሩ የሚያርም ደራሲ ትልቅ ክብር ይገባዋል።

በ1861 መንግሥቱ ሲመሠረት ግን፣ የቋንቋ ታሪክ አጥኚው ቱሊዮ ዴ ማውሮ እንዳሰላው፣ ጣሊያንኛን በእርግጥ መናገር የሚችለው ከሕዝቡ 2.5 በመቶ ያህሉ ብቻ ነበር። ሌሎች አጥኚዎች ቁጥሩን ወደ አሥር በመቶ ያደርሱታል። ማንዞኒ በ1868 ለመንግሥት ባቀረበው ሪፖርት የፍሎረንስ አነጋገር በየትምህርት ቤቱ እንዲሰጥ ጠየቀ፤ የቋንቋ ሊቁ ግራዚያዲዮ አስኮሊ በ1873 ተቃወመው፤ ቋንቋ በትእዛዝ ሳይሆን በብዙ የተማሩ ሰዎች ሥራ ይዳብራል አለ። በእኔ ፍርድ አስኮሊ ትክክል ነበር።

ለእናንተ ማኅበር ግን ከሁሉ አስቀድሜ የምመክረው ጆቫኒ ቬርጋን ነው። በ1881 ያሳተመው «ማላቮሊያ» በሲሲሊ አቺ ትሬዛ በምትባል የዓሣ አጥማጆች መንደር ይፈጸማል። አያት ፓድሮን ንቶኒ በዱቤ ግብጦ ገዝቶ በጀልባው ያስጭናል፤ ማዕበል ይነሣል፤ ግብጦውም ልጁ ባስቲያናዞም በባሕር ይቀራሉ። የልጅ ልጁ ሉካ በ1866 በሊሳ የባሕር ጦርነት ይሞታል፣ ዕዳው ቤቱን ይበላል። ቬርጋ የሚጽፈው በጣሊያንኛ ነው፤ የዓረፍተ ነገሩ አካሄድ፣ ምሳሌውና ሐሜቱ ግን የሲሲሊ መንደር ነው፤ ተራኪው ራሱ ከመንደሩ ሰው አንዱ የሆነ ይመስላል። አሞራ ገደል ጠዋት ዓሣ ሲራገፍ፣ ዋጋ ሲቆረጥና የመረብ ዕዳ ሲሰላ ያየ የሐዋሳ አንባቢ ይህን መጽሐፍ ያለ መግቢያ ይረዳዋል።

መልስ 3፦ እኅት ከአቶቴ

ወንድሞቼ ከጻፉት ላይ የቀረ አንድ ነገር ልጨምር እወዳለሁ፤ የእኛው አገር በዚህ ታሪክ ውስጥ የት እንደምትገኝ ማለቴ ነው።

ዳንቴ በገነት ክፍል አሥራ ዘጠነኛ መዝሙር፣ ስለ ክርስቶስ ሰምቶ በማያውቅ አገር ተወልዶ በቅን የኖረ ሰው የሚኰነነው በምን ፍርድ ነው የሚል ጥያቄ ያነሣል። በመልሱ ውስጥ «ክርስቶስ፣ ክርስቶስ» እያሉ የሚጮኹ ብዙዎች በፍርድ ቀን ከማያውቀው ሰው ይልቅ ከእርሱ እንደሚርቁ፣ እንዲህ ባሉት ክርስቲያኖች ላይም ኢትዮጵያዊው እንደሚፈርድባቸው ይነገራል። ንግሥተ አዜብ በፍርድ ቀን ተነሥታ በዚህ ትውልድ ትፈርዳለች የሚለውን የማቴዎስ ወንጌል ቃል ለሚያውቅ ሰው ምንጩ ቅርብ ነው። ነገር ግን በዳንቴ ስንኝ ኢትዮጵያዊው የቆመው ወንጌል ላልደረሰው ሰው ምሳሌ ሆኖ ነው፤ የአክሱም መንግሥት ደግሞ ክርስትናን ከተቀበለ ያን ጊዜ ሺህ ዓመት ሊሞላው ተቃርቦ ነበር። ይህን ክፍል ባነበብሁ ቁጥር ዳንቴ ይህን ቢያውቅ ኖሮ ምን ይጽፍ ነበር እላለሁ።

ከሁለት መቶ ዓመት በኋላ ነገሩ ተለውጧል። በ1441 ከኢየሩሳሌም የመጡ ኢትዮጵያውያን መነኮሳት በፍሎረንሱ ጉባኤ ተገኝተዋል፤ በ1513 የግእዝ መዝሙረ ዳዊት በሮም ታትሟል። አሪዮስቶ በ«ኦርላንዶ ፉሪዮሶ» ሠላሳ ሦስተኛ መዝሙር ባላባቱን አስቶልፎን በክንፋም ፈረስ ወደ ኢትዮጵያ ያመጣዋል። በዚያ ሴናፖ የተባለ ክርስቲያን ንጉሠ ነገሥት አለ፤ ምድራዊ ገነት ወዳለበት ተራራ በትዕቢት ሊወጣ በመነሣቱ ዓይኑ ታውሮ፣ ማዕዱን በየጊዜው አስቀያሚ ወፎች እያረከሱበት ይኖራል። አስቶልፎ በመለከቱ ያባርርለታል።

ቶርኳቶ ታሶ ስለ መስቀል ጦርነት በሚተርከውና በ1581 በታተመው «ነጻ የወጣችው ኢየሩሳሌም» ግጥሙ ደግሞ ከዚህ ወደ ውስጥ ይዘልቃል። ለሙስሊሞቹ ወገን የምትዋጋው ጀግናዋ ክሎሪንዳ የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ናት። እናቲቱ ንግሥት በቅናተኛ ባሏ ተዘግቶባት ስትኖር በክፍሏ ግድግዳ ላይ ባላባት ዘንዶ ወግቶ የታሰረች ነጭ ድንግል የሚያድንበት ሥዕል ነበር። በዚያ ሥዕል ፊት ስትጸልይና ስታለቅስ ኖራ ነጭ ሴት ልጅ ወለደች፤ የባሏን ጥርጣሬ ፈርታም ሕፃኗን አርሴቴ ለሚባል ጃንደረባ አስረክባ አሸሸቻት። የቅዱስ ጊዮርጊስን ሥዕል በየቤተ ክርስቲያኑ እያየን ላደግን ለእኛ ይህ ትዕይንት እንግዳ አይሆንም። ክሎሪንዳ የትውልዷን ታሪክ የምትሰማው ልትሞት ባለችበት ሌሊት ነው። የሚወዳት ታንክሬዲ በጨለማ ሳያውቃት ይወጋታል፤ ጥምቀትን ትለምነዋለች፤ በራስ ቁሩ ከምንጭ ውኃ ቀድቶ ሲመለስና የፊቷን መሸፈኛ ሲገልጥ ያውቃታል።

ሃያኛው ክፍለ ዘመን ግን ሌላ ነው፤ ሳንሸሽገው መነገር አለበት። በ1909 የፉቱሪዝምን (የጥንቱን ጥሎ ፍጥነትንና ማሽንን የሚያወድስ የጥበብ እንቅስቃሴ) መግለጫ ያወጣው ገጣሚ ማሪኔቲ አገራችንን ለመውረር በፈቃዱ ዘምቷል። በ1934 የኖቤል ሽልማት የተቀበለው ሉዊጂ ፒራንዴሎ ለወረራው ድጋፍ ሜዳሊያውን ሰጥቷል። ይህ የድርሰቱን ዋጋ አይሽርም፤ በሕይወት ታሪኩ ውስጥ ግን ሊዘለል አይገባም። በአንጻሩ በወረራው በመኰንንነት የተሳተፈው ኤኒዮ ፍላያኖ በ1947 ያሳተመው ልብ ወለድ፣ ስትሬጋ የተባለውን የጣሊያን የሥነ ጽሑፍ ሽልማት ለመጀመሪያ ጊዜ ያገኘው፣ ጥርሱን ሊታከም ሲሄድ መንገድ የሳተ መቶ አለቃ አንዲት ኢትዮጵያዊት ገድሎ ወንጀሉን ከራሱ ሊሰውር የሚኳትንበትን ታሪክ ያቀርባል። በ2007 ደግሞ አዲስ አበባ የተወለደችው ጋብሪኤላ ገርማንዲ ያንኑ ዘመን ከኢትዮጵያውያን አንደበት በጣሊያንኛ ጽፋዋለች። ሁለቱን ጎን ለጎን ማንበብ መልካም ነው።

መምህር ዘሐዋሳ

ሦስታችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። አንድ ነገር ልጨምር። አፄ ዓምደ ጽዮን የነገሡት ከ1314 እስከ 1344 ነው፤ ለእርሳቸው የተዘመሩት የአማርኛ የወታደር ግጥሞች በጽሑፍ ከተረፉልን የአማርኛ ሥራዎች ቀደምቶቹ ናቸው። ዳንቴ ገነትን ሲፈጽም በእኛም አገር የሕዝቡ አፍ ለንጉሥ ይገጠምበት ነበር ማለት ነው። እነዚያን ግጥሞች በ1889 በኅትመት ያወጣቸው ኢኛሲዮ ጉዊዲ የተባለ ጣሊያናዊ ሊቅ ነው፤ የአፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ ልብ ወለድም በ1908 የታተመው በሮም ነው። ይህንን በገለጻዬ ላይ አካትተዋለሁ።

የቀረኝ ጥያቄ ተግባራዊ ነው። ያለን ስድስት ሳምንት ነው፤ ኮሜዲያውን ሙሉውን ማንበብ አንችልም። ከእርሱ የትኛውን እንውሰድ?

ነባር አንባቢ

መምህር፣ ከሲኦል አምስተኛውንና ሃያ ስድስተኛውን፣ ከገነት አሥራ ሰባተኛውንና እኅታችን የጠቀሱትን አሥራ ዘጠነኛውን መዝሙር ውሰዱ። አምስተኛው ፓኦሎና ፍራንቸስካ የፍቅር መጽሐፍ አብረው ሲያነቡ የወደቁበት ነው። በሃያ ስድስተኛው የጥንቱ የግሪክ ተረት ጀግና ኡሊሲስ ባልንጀሮቹን እንደ እንስሳ ልትኖሩ አልተፈጠራችሁም ብሎ ወደማይታወቀው ባሕር ይወስዳቸዋል። ከዚህኛው ጋር ጣሊያናዊው ደራሲ ፕሪሞ ሌቪ በ1947 ስለ አውሽቪትስ የናዚዎች ካምፕ ካሳተመው መጽሐፍ ይህንኑ መዝሙር የሚያነሣውን ምዕራፍ አብራችሁ አንብቡ። እስረኛው ሌቪ ሾርባ ሊያመጡ አብረው ለሚሄዱት ፈረንሳይኛ ተናጋሪ ወጣት ጣሊያንኛ ሊያስተምረው ብሎ የኡሊሲስን ስንኞች ከትዝታው እየለቀመ ይነግረዋል። መካከሉን ይረሳዋል፤ የጎደለውን ስንኝ ለሚያስታውሰው ሰው የዕለቱን ሾርባ እሰጥ ነበር ይላል። ለሁለቱ አንድ ቅዳሜ ይበቃል፤ የቀሩትን ሳምንታት ለታሶ አሥራ ሁለተኛ መዝሙር፣ ለቬርጋና ለፍላያኖ አድርጓቸው።